የእንግዳ ቀን፦ ለምናብ ዓለም የቀን መቁጠሪያ ስሠራ የያዝኩት ማስታወሻ

ቅዳሜ፣ ሰኔ 28 ቀን 2017

ዛሬ ጀመርኩ። ሁለት ዓመት ሙሉ የምጽፈው የምናብ ታሪክ አንድ ትልቅ ቀዳዳ አለበት። ሰዎቹ ይዘራሉ፣ ያጭዳሉ፣ ይበዳደራሉ፣ ይጋባሉ። ግን መቼ? ምዕራፍ 3 ላይ “ከሁለት ወር በኋላ” ብያለሁ። ምዕራፍ 7 ላይ ደግሞ እህሉ ገና ሳይታጨድ ሠርግ ደግሻለሁ። አንባቢ ላያስተውለው ይችላል። እኔን ግን እንቅልፍ ነሳኝ።

ስለዚህ ታሪኩን አቁሜ ለዓለሙ የቀን መቁጠሪያ ልሠራለት ነው። በወረቀት ላይ ብቻ የሚቀር አይደለም። በእጅ የሚዞር፣ ግድግዳ ላይ የሚሰቀል እንዲሆን እፈልጋለሁ። ማስታወሻውን የምይዘው ያደረግሁትን እንዳልረሳ ነው። ሌላ ሰውም የራሱን ዓለም ሲሠራ ይጠቅመው ይሆናል።

በዓለሙ ውስጥ ሁለት ሕዝብ አለ። ደገኞቹ ገበሬዎች ናቸው፤ ኑሯቸው ዝናብ ነው። ባሕረኞቹ ታች ጠረፉ ላይ ዓሣ ያጠምዳሉ። መሃል ላይ ሁለቱም የሚገበያዩባት ከተማ አለች። ለጊዜው ይኸው ይበቃኛል።

ሐሙስ፣ ሐምሌ 3

የመጀመሪያው ሙከራ ወደቀ።

ዓመቱን 360 ቀን አደረግሁት። 12 ወር፣ እያንዳንዱ 30 ቀን። ጨረቃዋም ልክ በ30 ቀን ዞራ እንድትጨርስ አደረግሁ። ሁሉም ነገር ግጥም አለ። አንድ ገጽ ሳይሞላ ሥራው አለቀ፤ ደስም አለኝ።

በማግስቱ ሳየው ግን ሕይወት የለውም። ለምን እንደሆነ ለማወቅ ሁለት ቀን ፈጀብኝ። እንዲህ ባለ ዓለም ውስጥ ወደ ሰማይ የሚያይ ሰው አያስፈልግም። የሚያሰላ አዋቂ የለም። “ዘንድሮ በዓሉ መቼ ይውላል?” ብሎ የሚጠይቅ የለም። የሚጣላም የለም። ጳጉሜንም የለችም።

የኛን አስቡት። 12 ወር በ30 ሲባዛ 360 ይመጣል። ምድር ግን ፀሐይን ለመዞር 365.2422 ቀን ይፈጅባታል። የተረፈውን ሰብስበን 13ኛ ወር አደረግነው። ጳጉሜን የሚለው ስም ራሱ ከግሪክ የመጣ ነው፤ “የተጨመሩ” ማለት ነው። ጨረቃም አትታዘዝም። ከአዲስ ጨረቃ እስከ አዲስ ጨረቃ 29.53 ቀን ነው። 12 ጊዜ ስትዞር 354 ቀን ከትንሽ ይሞላል። ከፀሐይ ዓመት 11 ቀን ገደማ ይጎድላታል። አበቅቴ፣ በቤተ ክርስቲያን የቀን ሒሳብ ይህን የፀሐይና የጨረቃ ልዩነት የሚይዘው ቁጥር፣ በየዓመቱ በ11 የሚጨምረው በዚህ ምክንያት ነው። ፋሲካ ከዓመት ዓመት ቦታ የሚቀያይረውም ከዚሁ ጋር ተያይዞ ነው።

ጳጉሜን፣ አበቅቴ፣ ዘመነ ሉቃስ፣ የፋሲካ ቀን። ሁሉም የመጡት አልካፈል ካለው ቁጥር ነው። እኔ ደግሞ ያን ቁጥር ከዓለሜ አውጥቼ ጥያለሁ።

እሑድ፣ ሐምሌ 6

አዲስ ቁጥሮች። ዛሬ ከሰዓቱን በሙሉ ደብተርና ካልኩሌተር ይዤ ተቀመጥኩ። የምፈልገው ሁለት ነገር ነው። አንደኛ፣ ትርፍ ይኑር። ሁለተኛ፣ ያን ትርፍ ጠጠር የሚቆጥር ገበሬ ወይም ገመድ የሚቋጥር ዓሣ አጥማጅ ሊያስተካክለው ይቻል።

ሁለተኛው ቀላል አይደለም። የኛ 0.2422 ራሱ አስቸጋሪ ቁጥር ነው። በአራት ዓመት አንድ ቀን ስንጨምር ዓመቱን 365.25 አድርገነዋል። ትንሽ በዛ ማለት ነው። በ128 ዓመት ገደማ አንድ ቀን ይጠራቀማል። አውሮፓ በ1582 እ.ኤ.አ. ይህን ለማረም በ400 ዓመት 97 ጊዜ ብቻ መጨመር ጀመረ። እኛና ግብፆቹ ኮፕቶች ቀላሉን አራት ይዘን ቀረን። ልዩነቱ ቆሞ አይጠብቅም። ፈረንጆቹ 2100ን 366 ቀን ስለማያደርጉት ከዚያ ወዲያ መስከረም 1 የሚውለው አሁን እንደለመድነው ሴፕቴምበር 11 ሳይሆን 12 ላይ ይሆናል።

በመጨረሻ የያዝኩት ይህን ነው። ዓመቱ 388.4 ቀን። ጨረቃዋ 27.6 ቀን።

ለደገኞቹ 12 ወር ሰጠኋቸው፤ እያንዳንዱ 32 ቀን። 384 ይሆናል። 4 ቀን ይተርፋል። የቀረችው 0.4 በአምስት ዓመት 2 ቀን ትሞላለች። ስለዚህ ከአምስት ዓመት በሁለቱ ትርፉ 5 ቀን ይሆናል። ስደምር በሦስተኛው ዓመት አንድ ቀን ሞልቶ ያልፋል፤ ሁለተኛው ቀን ደግሞ በአምስተኛው ዓመት ይሞላል። ይህን በጠጠር መያዝ ይቻላል።

ሌላም ነገር ወጣ። ደገኞቹ ያችን 0.4 ችላ ቢሏትስ? የጥንት ግብፆች ዓመታቸውን 365 ብቻ አድርገው ሩቡን ትተውት ነበር። ወራቸው ከአባይ ሙላት እየራቀ ሄዶ ወደ ቦታው የሚመለሰው በ1460 ዓመት ነው። አንድ ሰው በዕድሜው ብዙም አይታወቀውም። በኔ ዓለም ግን አንድ ሙሉ ወር ለመንሸራተት 80 ዓመት ይበቃል፤ 32ን ለ0.4 ማካፈል ነው። አያት በልጅነቷ የዘራችበት ወር በእርጅናዋ የአረም ወር ይሆንባታል። ስለዚህ ደገኞቹ ትርፉን የሚያውቁት ከአያቶቻቸው ነው። መጽሐፍ አላስፈለጋቸውም። ይህን እኔ አልፈጠርኩትም፤ ከቁጥሩ ወጣ። ከጀመርኩ ወዲህ እንደዛሬ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

እሑድ፣ ሐምሌ 13

ሳምንት።

ሳምንት ከሰማይ አይመጣም፤ ሰው ነው የሚያመጣው። ግን ከወርም ከዓመትም ይልቅ ግትር ነው። ፈረንሳዮች ከአብዮቱ በኋላ በ1793 እ.ኤ.አ. ሳምንቱን 10 ቀን አድርገውት ነበር። የዕረፍት ቀን ከሰባት ቀን ወደ አሥር ራቀ። በ1806 መጀመሪያ ናፖሊዮን አስቀረው። ሶቪየቶች ደግሞ በ1929 እ.ኤ.አ. ሳምንቱን 5 ቀን፣ በ1931 ደግሞ 6 ቀን አደረጉት። በ1940 ወደ ሰባት ተመለሱ። ሰው ገበያውንና ጸሎቱን ከሳምንት ጋር ካሰረ በኋላ በአዋጅ አይፈታም።

መጀመሪያ አራት ቀን አሰብኩ። ሲዳማዎች ከጥንት ጀምሮ የአራት ቀን ሳምንት አላቸው፦ ዲኮ፣ ዴላ፣ ቀዋዶ፣ ቀዋላንካ። በገበያ ቀን የተሰደረ ነው። አዲስ ዓመታቸው ፊቼ ጫምባላላም አያንቶ የሚባሉት አዋቂዎች ሰማይ አይተው ነው የሚታወቀው። ዩኔስኮ በ2015 እ.ኤ.አ. መዝግቦታል። ሐሳቡ በጣም ይስባል።

በኔ ቁጥር ግን አልሠራም። 32 ለ4 እኩል ይካፈላል። 388ም ለ4 እኩል ይካፈላል። ትርፉ 5 ቀን የሚሆንበት ዓመት ካላዛነፈው በቀር ወሩ ሁሌ በአንድ ቀን ይጀምራል፤ ዓመቱም እንደዚያው። ሐምሌ 3 ላይ የወደቅሁበት ጉድጓድ ነው።

አምስት ቀን አደረግሁት። አምስት መንደር፣ አምስት ገበያ፣ በየቀኑ አንዱ ዘንድ። 32 ለ5 ሲካፈል 2 ይተርፋል። የኛም እንዲሁ ነው፤ 30 ለ7 ሲካፈል 2 ይተርፋል። ሐምሌ 1 ማክሰኞ ነበር፣ ነሐሴ 1 ሐሙስ ነው። የደገኞቹ ወርም በየጊዜው ሁለት ቀን ይዘላል። ቀንና ገበያ እንደገና ተመሳስሎ የሚመጣው በ25 ዓመት ነው። የኛው በ28።

ቁጥሩን ኤክሴል ላይ አስገባሁት። ሦስት ሰዓት ያህል ጠፋብኝ። አንዷ ገጸ ባሕርይ ገበያ በማይውልበት ቀን ገበያ ወጥታ አገኘኋት። ለካ የመጀመሪያውን ቀን አንድ ቦታ “0” ብዬ፣ ሌላ ቦታ “1” ብዬ ቆጥሬዋለሁ። ይህን የምትሠሩ ካላችሁ ገና ከመጀመሪያው አንዱን ምረጡና ደብተሩ አናት ላይ ጻፉት።

እሑድ፣ ሐምሌ 20

ባሕረኞቹ። እነሱ ፀሐይ ጉዳያቸው አይደለም። ባሕሩ በጨረቃ ይሞላል፣ በጨረቃ ይሸሻል። ጀልባ የሚወጣው፣ መረብ የሚጣለው ያን አይቶ ነው።

27.6ን በሙሉ ቀን ለመያዝ ወራቸውን እንዲህ አደረግሁት፦ 28፣ 27፣ 28፣ 27፣ 28። ሲደመር 138 ነው። 138 ለ5 ሲካፈል ልክ 27.6። በጣት ይቆጠራል፤ አውራ ጣት፣ መሃል ጣትና ትንሿ ጣት ረጅም ወር ናቸው።

ቦረናዎችን እያሰብኩ ነበር። የነሱ ዓመት 12 የጨረቃ ወር ነው፣ 354 ቀን። የቀን ስሞቻቸው ግን 27 ናቸው። ወሩ 29 ወይም 30 ስለሆነ ስሞቹ አልቀው እንደገና ይጀምራሉ። ስለዚህ ወሩ ሁሌ በአንድ ስም አይጀምርም። አያንቱ የሚባሉት ቀን ቆጣሪዎች ጨረቃዋን ከከዋክብት ጋር እያስተያዩ ይከታተሉታል። ያለ ወረቀት። አስመሮም ለገሰ ስለ ገዳ በጻፈው መጽሐፍ ይህን ዘርዝሮታል። ምናብ ነው ብዬ የምፈጥረው ነገር አገሬ ውስጥ ሰዎች ተሸክመውት የኖሩት ሆኖ ሳገኘው እጄን አፌ ላይ ጭኛለሁ።

የባሕረኞቹ ዓመት 14 ጨረቃ ነው። 386.4 ቀን ይሆናል። ከደገኞቹ በየዓመቱ 2 ቀን ያንሳል። በ14 ዓመት አንድ ወር ያህል ስለሚጎድል 15ኛ ጨረቃ ይጨምራሉ። ሒሳቡን ገፋሁት። አራት ጊዜ በ14 ዓመት፣ አንድ ጊዜ በ13 ዓመት ሲጨምሩ የሁለቱ ሕዝብ አዲስ ዓመት ይገናኛል።

በ69 ዓመት አንድ ጊዜ።

የመካከለኛው አሜሪካ ጥንታዊ ሕዝብ ማያዎች 260 ቀንና 365 ቀን የሆኑ ሁለት ቆጠራዎችን ጎን ለጎን ይዘው ነበር። ሁለቱ የሚገናኙት በ52 ዓመት ነው፤ 18,980 ቀን። የኔ 69 ከዚያ ትንሽ ይረዝማል። አንድ ሰው ከታደለ በዕድሜው አንዴ ያየዋል። ሁለቴ የሚያየው ጥቂት ነው።

እሑድ፣ ነሐሴ 4

ስም ማውጣት። ሁለት ሳምንት አስጨነቀኝ።

መጀመሪያ “የነፋስ ወር”፣ “የአበባ ወር”፣ “የመከር ወር” ብዬ ነበር። የሕፃናት መማሪያ መሰለ። መስከረም ስንል፣ ጥቅምት ስንል ትርጉሙን አንሰማም። የምንሰማው አደይ አበባውን፣ ብርዱን ነው። ስም በአፍ ተልሶ ተልሶ ሲያልቅ ነው ስም የሚሆነው።

ስለዚህ ትርጉም ያለው ስም ጻፍኩና ጮክ ብዬ በፍጥነት እደጋግመው ጀመር። “ጭቃ ያዥ” ጭቃዥ ሆነ። “ዘር በእጅ” ዘርበጅ። “ጤዛ ልሶ” ጤዛልስ። እናቴ ከጓዳ “ከማን ጋር ነው የምታወራው?” አለችኝ። አስራ ሁለቱም አለቁ። ትርፎቹ ቀኖች “ዳርቻ” ተባሉ።

ባሕረኞቹ ወር አይሰይሙም፤ የጨረቃዋን ዕድሜ ይጠራሉ። እሱን በአምስት ደቂቃ ጨረስኩ።

የዓመት ስም ግን አስደሰተኝ። እኛ ዘመነ ማቴዎስ፣ ማርቆስ፣ ሉቃስ፣ ዮሐንስ እንላለን። ጳጉሜን 6 የምትሆነው በሉቃስ ነው። ደገኞቹ አምስት ዓመት ስላላቸው አምስት እህቶች ሰጠኋቸው። ሦስተኛዋና አምስተኛዋ አንድ ቀን ስለሚጨመርባቸው እንግዳ የሚያሳድሩ ናቸው። “ታላቋ አሳዳሪ” እና “ታናሿ አሳዳሪ” ይባላሉ። የተጨመረችው ቀን “የእንግዳ ቀን” ናት። በዚያ ቀን በር አይዘጋም። ዕዳ አይጠየቅም።

ከዚያ ፈተንኩት። እኛ ቀን በቁጥር ብቻ አንጠራም። “ለገብርኤል እመጣለሁ”፣ “ከማርያም በፊት እከፍልሃለሁ”፣ “የቡሄ ሰሞን ነው የተወለደው” እንላለን። የኔ ሰዎችም እንዲህ ማውራት ካልቻሉ ሥራው አልሆነም ማለት ነው። ሃያ ዓረፍተ ነገር ጻፍኩ፣ አንዱም ላይ ቁጥር የለም። “ጭቃዥ ሳይወጣ ብድሬን አምጣ።” “ልጅቱ በታላቋ አሳዳሪ የተወለደች ናት፣ እንግዳ አትጠግብም።” ሃያውም አፍ ላይ ቀለሉ።

ዓርብ፣ ነሐሴ 16

ወደ እጅ ሥራው። አንድ ሳምንት የፈጀውን ባጭሩ ልጻፈው።

ሐሳቡ ሁለት ክብ ካርቶን ነው። ትልቁ የፀሐይ፣ 388 ክፍል። ትንሹ የጨረቃ፣ 138 ክፍል፤ አምስቱን ወር በአንድ ዙር ይይዛል። አንዱ በአንዱ ላይ ሆነው መሃላቸው ላይ በቡሎን ይያዛሉ። በየቀኑ ሁለቱንም አንዳንድ ክፍል ማዞር ነው።

እያንዳንዱን ቀን 4 ሚሊሜትር አደረግሁት። የትልቁ ዙሪያ 155.2 ሴንቲሜትር ይሆናል፤ ስፋቱ ከዳር እስከ ዳር 49.4። የትንሹ ዙሪያ 55.2፣ ስፋቱ 17.6 ገደማ።

ክብን በማዕዘን መለኪያ 388 ቦታ መክፈል አይሞከርም። ቀላሉ መንገድ ረጅም የወረቀት ጥብጣብ መቁረጥ፣ ጥብጣቡን በቀጥታ መስመር መከፋፈል፣ ከዚያ በክቡ ዳር ዙሪያውን መለጠፍ ነው። ስድስት ኤ4 ወረቀት ቀጣጥዬ ጥብጣቡን ሠራሁ። በ30 ሴንቲ ማስመሪያ ምልክት ማድረግ ጀመርኩ። ስህተት ነበር። ማስመሪያውን ባንቀሳቀስኩ ቁጥር ግማሽ ሚሊሜትር ታመልጠኛለች። መጨረሻ ላይ አንድ ቀን ሊሞላ የቀረው ትንሽ ቦታ ተረፈኝ። በልብስ ሰፊ ሜትር ልሞክር አልኩ፤ እሱ 150 ሴንቲ ላይ ያልቃል። ከጎረቤት የአናጺ ሜትር ተዋስኩና ሳላነሳ፣ ሳላንቀሳቅስ በአንድ ጊዜ ምልክቱን ጨረስኩ። ሹል እርሳስ ተጠቀሙ። እስክሪብቶ መስመሩን ያወፍረዋል።

ሁለተኛው ችግር ክረምቱ ነው። የቴሌቪዥን ካርቶን ነበር የቆረጥኩት። ኮላ ቀብቼ ባደረ በማግስቱ እንደ ምጣድ ክዳን ተቆልምሟል። ሁለት ካርቶን የውስጥ መስመራቸው እንዲጠላለፍ አድርጌ አጣበቅሁ። ሦስት ቀን መጽሐፍ ጫንኩበት። አሁን ቀጥ ብሏል። መሃሉን በሚስማር በስቼ ቡሎን ከነሮንዴላው አስገባሁ። ዳዶውን ጠበቅ ሳደርገው አይዞርም፣ ስለቀው ይወዛወዛል። ሁለተኛ ዳዶ ጨምሬ አንዱን በሌላው ላይ ቆለፍኩት። ተስተካከለ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። ክቡ 388 ክፍል ነው ያለው። 389ኛዋን፣ የእንግዳዋን ቀን የት ላድርጋት? ተጨማሪ ክፍል ባበጅ በሌሎቹ ዓመታት ትርፍ ትሆናለች። ብዙ አሰብኩ፤ ካርቶን የሚሰካበት ነገር ልሠራ ነበር። ከዚያ መልሱ እጄ ላይ ነበር። በእንግዳ ቀን የፀሐይን ክብ አለማዞር ነው። እሷ ትቆማለች፣ ጨረቃዋ ብቻ ትዞራለች።

ደጋግሜ ሞከርኩት። ትልቁን ክብ በግራ እጄ ይዤ ትንሹን በቀኝ አንድ ቀን ገፋሁት። ደገኞቹ ምን ብለው እንደሚያምኑ ያን ጊዜ ገባኝ። በእንግዳ ቀን ፀሐይ ደክሟት ትቀመጣለች። ጨረቃ ብቻዋን ትሄዳለች። በር የማይዘጋው ፀሐይ የማን ቤት እንደምትቀመጥ ስለማይታወቅ ነው።

ይህን በጽሑፍ ብቻ ብሠራው ኖሮ አላገኘውም ነበር።

እሑድ፣ ነሐሴ 25

የእህቴ ልጅ መጥታ ክቡን ስታዞር ዋለች። “እዚያ ብኖር ስንት ዓመቴ ነው?” አለችኝ። ልክ 12 ሞልታለች። 4383 ቀን ማለት ነው። ለ388.4 ሲካፈል 11 ከትንሽ። “አንድ ዓመት ወሰድክብኝ!” ብላ አኮረፈች። ዓመቱ እዚያ እንደሚረዝም፣ ክረምቱና የትምህርት ቤት ዕረፍቱም እንደሚረዝም ስነግራት ታረቀችኝ።

ማታ ግን የሚያስጨንቅ ነገር አገኘሁ። 69 ዓመቱን እስከ መጨረሻው በሰንጠረዥ አስሮጥኩት። በደገኞቹ ቆጠራ 69 ዓመት 26,799 ቀን ነው። በባሕረኞቹ 971 ጨረቃ 26,800 ቀን። አይገናኙም። አንድ ቀን ይላቀቃሉ።

ታሪኬ ሁሉ የተሰቀለው በዚያ ቀን ላይ ነው። ሁለቱ ሕዝብ በአንድ ቀን አዲስ ዓመት የሚያከብሩበት፣ ደገኛው ወደ ታች፣ ባሕረኛው ወደ ላይ መጥቶ ከተማዋ ላይ የሚገናኙበት። ስህተት ፈልጌ እስከ ሌሊቱ ስምንት ሰዓት ቆጠርኩ። ስህተት የለም። እውነተኛው ቁጥር 26,799.6 ነው። ደገኞቹ 0.6ዋን ገና አልቆጠሯትም፤ ባሕረኞቹ ደግሞ ሞልተው ቆጥረዋታል። ሁለቱም ትክክል ናቸው።

ሰኞ፣ ጳጉሜን 3

ሩፋኤል ነው። ጧት ዝናብ ጣለ፣ የሰፈሩ ልጆች ደጅ ወጥተው ተጠመቁበት። እኔ ከሰዓት በኋላ የኔታ ዘንድ ሄድኩ። በልጅነቴ ፊደል ያስቆጠሩኝ ናቸው። የበዓላትና የአጽዋማት ቀን የሚወጣበትን የቤተ ክርስቲያን ሒሳብ፣ ባሕረ ሐሳብን፣ ያውቃሉ።

መጀመሪያ የመጪውን ዓመት እንዲያሰሉልኝ ጠየቅኋቸው። ወረቀት አልፈለጉም። “5500 ከ2018 ጋር 7518። ለ19 ስትገድፈው 13 ይተርፋል። አንዱን ለዘመን ተወው፣ ወንበሩ 12። 12 በ11 132፤ በ30 ስትገድፈው አበቅቴው 12። 12 በ19 228፤ ስትገድፈው መጥቅዑ 18። 12ና 18 ስንት ነው?”

“30፣ የኔታ።”

“30 ካልመጣ ተሳስተሃል ማለት ነው። መስከረም 18 እሑድ ይውላል። የእሑድ ተውሳክ 7። 25። ነነዌ ጥር 25 ይገባል። ፋሲካ ሚያዝያ 4።”

ሁለት ደቂቃ አልፈጀም። ወንበር፣ መጥቅዕና ተውሳክ በሒሳቡ መንገድ ላይ የሚገኙ ቁጥሮች ስም ናቸው። ለዘመናት እንዲህ በቃል ሲተላለፍ ኖሯል። ሊቃውንቱ ለእስክንድርያው ድሜጥሮስ ይሰጡታል። አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው ሁሌም 30 መምጣታቸው በጣም ያስደንቀኛል። ሒሳቡ ስህተቱን ራሱ እንዲያጋልጥ ሆኖ ተሠርቷል። ለኔም ቆጠራ እንዲህ ያለ ማረጋገጫ ልሠራለት እፈልጋለሁ።

ከዚያ ስለኔ ዓለም አጫወትኳቸው። ይቆጡኛል ብዬ ፈርቼ ነበር። በጥሞና ሰሙኝ። 69 ስል ፈገግ አሉ። “ከነነዌ እስከ ፋሲካ ስንት ቀን ነው?” አሉኝ። ቆጠርኩ። 69። እኔ ሳላውቅ ነው የገጠመው። “ቁጥር ቁጥርን ያውቃል” አሉና ሳቁ።

ስለ አንዷ ቀን ስነግራቸው ጠየቁኝ፤ “እነዚያ ባሕረኞች ቀኑን የሚጀምሩት መቼ ነው?”

አላሰብኩበትም። ጧት ነው የመሰለኝ፤ ሰዓታችንን ከንጋት ስለምንቆጥር።

“በቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ዕለት የሚጀምረው ከማታ ነው” አሉ። “ኦሪት ዘፍጥረትን አንብብ። ማታው ከጧቱ ይቀድማል። ጨረቃ የሚቆጥር ሰው ደግሞ ቀኑን ምን ብሎ ጧት ይጀምራል? ጨረቃዋ የምትታየው ማታ ነው።”

ታክሲ ውስጥ ሆኜ ሒሳቡን በጣቴ ሠራሁት። ባሕረኞቹ ቀኑን ከማታ ከጀመሩ፣ የነሱ 26,800ኛ ቀን የሚገባው በደገኞቹ 26,799ኛ ቀን ማምሻ ላይ ነው፤ የሚያልቀው ደግሞ በማግስቱ ማምሻ ላይ። የደገኞቹ አዲስ ዓመት በዚያ በማግስቱ ቀን ጧት ይገባል፣ የባሕረኞቹ በዚያው ቀን ማታ።

ይገናኛሉ። ጧት አንዱ፣ ማታ አንዱ። ከጧት እስከ ማታ ከተማዋ ግማሿ አዲስ ዓመት ላይ፣ ግማሿ አሮጌው ላይ ናት። እንግዳ ተቀባይዋ ማናት፣ እንግዳዋስ? ድግሱን ማን ያቀርባል? ከሁለት ዓመት በፊት ይህን ባውቅ ኖሮ ታሪኩን በሌላ መንገድ እጽፈው ነበር። አሁን እጽፈዋለሁ።

እሑድ፣ መስከረም 4 ቀን 2018

በዓሉ አለፈ። ቤቱ አሁንም ቄጤማ ቄጤማ ይሸታል።

ክቡን ቀለም ቀባሁት። የደገኞቹ ወሮች በተለያየ የአፈር ቀለም፣ ዳርቻ ነጭ። ጨረቃዋ ሰማያዊ ሆነች፤ ረጃጅሞቹ ወሮች ደመቅ ያሉ ናቸው። ከጽሕፈት ጠረጴዛዬ በላይ ሰቀልኩት። የማረጋገጫ ቁጥሩ ገና አልሆነልኝም፤ ሁለት ሞክሬ ሁለቱም አልያዙም። በጥቅምት እመለስበታለሁ።

ዛሬ ምዕራፍ 1ን ከላይ እንደገና ጀመርኩ። በፊት በአንድ ወጣት ተዋጊ ነበር የሚጀምረው። አሁን የሚጀምረው በአንዲት አሮጊት ነው። ያለፈው መገናኛ ቀን የተወለደች ናት፤ ጧት ደገኛ እናቷ ምጥ ጀመራት፣ ማታ ባሕረኛ አባቷ ሲደርስ ተወለደች። ዕድሜዋን ሁለቱም ወገን በየፊናው ቆጥሮላታል።

ከመጻፌ በፊት ተነስቼ ክቡን አስተካከልኩ። 69ኛው ዓመት ከእህቶቹ የአራተኛዋ ነው፤ እንግዳ የለባትም፤ ዳርቻዋ አራት ቀን ብቻ ናት። የፀሐይን ክብ ዳርቻ 2 ላይ አደረግሁት። ጨረቃዋን 25ኛ ቀኗ ላይ። ከዚያ ተቀምጬ ጻፍኩ፦

“አሮጊቷ ጎህ ሳይቀድ ተነስታ በሩን ከፈተችው። ሦስት ቀን ቀርቷታል።”

ነገ ጧት ሁለቱንም አንዳንድ ቀን አዞራለሁ።